የቀይ አፈር ምሽግና የእንዳላማው መሰንቆ

ባሌ እንዳላማው ሰው አይረሳም ነበር። መሰንቆ የሚመታ በጎጃም ሞልቷል፤ ድምፅ ያለውም ሞልቷል። የእሱ ነገር ግን ሌላ ነው። ሠርግ ቤት ገብተን እኔ ገና ነጠላዬን ሳላስተካክል፣ እሱ የሙሽራውን አባትና እናት፣ የሚዜዎቹን ስም ከነአገራቸው፣ የከብቱን ቀለም ሳይቀር ጠያይቆ ጨርሷል። ከብዙ ዓመት በኋላ ያን ሙሽራ ገበያ ላይ ቢያገኘው፣ «አንተ፣ ያ ቦራ በሬህ እንዴት ሆነ?» ይለዋል። ሰውየው ክው ይላል።

እኔ ሥራነሽ እባላለሁ። እሱ ይመታል፣ እኔ እዘፍናለሁ። በጉብዝናችን ዘመን ከደብረ ኤልያስ እስከ ደብረ ወርቅ ያልዘፈንበት ዳስ አልነበረም። ሠርገኛው ሲደክም፣ ሽማግሌዎቹ ብቻ ሲቀሩ፣ እንዳላማው ደጋኑን ለስለስ አድርጎ ትዝታ ይጀምራል። ጺማም ሽማግሌ ሁሉ ጋቢውን ፊቱ ላይ ይስብ ነበር። «አያ እንዳላማው፣ እባክህ ተወን» ይሉታል፤ ሲተው ደግሞ «ምነው ተውክ?» ይሉታል።

ጣልያን የገባ ጊዜ እሱ ጸጉሩ ነጭ ሆኖ ነበር፤ እኔም ብሆን ልጃገረድ አልነበርኩም። አዝማሪ ወሬ ያመላልሳል ተባለና መሰንቆ የያዘ ሰው መንገድ ላይ ይያዝ ጀመር። አማኑኤል ገበያ ላይ እኛንም ያዙን። አንድ ወታደር መሰንቆውን ከእንዳላማው እጅ ነጥቆ የሻይ ውሃ ከሚፈላበት እሳት ውስጥ ወረወረው። ቆዳው ተኮማተረ፣ ጭራው ቱሽ አለ፣ አለቀ። እኛን ሳቁብንና ለቀቁን። ያ መሰንቆ የአባቱ ነበር። ባሌ አላለቀሰም። እጄን ይዞ ከገበያው ሲያወጣኝ፣ «ሥራነሽ፣ ወደ ቤት አንሄድም» አለኝ።

«ታዲያ ወዴት?»

«ወደ ዱር ነዋ!»

በዚያ ዕድሜያችን! ሳቄ መጣ፤ ግን ደስ አለኝ። የያዝነው ምንም አልነበረም፤ የምንመለስለትም ምንም አልነበረም። ሽቅብ ወጣን።

ግራዝማች አካለ ወልድ የሚባሉ አርበኛ ከጭፍሮቻቸው ጋር ከአማኑኤል በላይ ባለው ጫካ ነበሩ። ሲያዩን አልተደሰቱም። «አንተ አዝማሪ፣ እዚህ ሠርግ የለም» አሉት እንዳላማውን። «ጠብመንጃ ትተኩሳለህ?»

«አልተኩስም፣ ጌታዬ።»

«ታዲያ ምን ትሠራለህ?»

«መሰንቆ ካገኘሁ እመታለሁ።»

ጭፍራው ሁሉ ሳቀ። ግራዝማች ግን ሰው የሚያባርሩ አይደሉም፤ «እሺ፣ ከስንቅ ቤቱ ጋር ተቀመጡ» አሉን።

እንዳላማው በማግሥቱ ዋንዛ ቆርጦ ይጠርብ ጀመር። የታረደ የፍየል ግልገል ቆዳ ለምኖ ፍቆ ወጠረ። ደጋኑን ከወይራ አጎበጠው። የጎደለው የፈረስ ጭራ ብቻ ሆነ። በሠፈሩ ውስጥ ደግሞ ፈረስ ማለት የግራዝማች አምባላይ ነው፤ እንደ ወተት የነጣ፣ ከሰው በላይ የሚከበር። ባሌ መጠየቅ ፈራ። እኔ አልጠየቅኩም። ፈረሱ ወንዝ ዳር ሲጠጣ ጠጋ ብዬ፣ አንገቱን እያሻሸሁ፣ በማጭድ ከጭራው አንድ ጥቅል ቆረጥኩ።

ከሰዓት በኋላ ግራዝማች እየጮኹ መጡ። «የፈረሴን ጭራ ማነው የላጨው?»

እኔ ተነሣሁ። «እኔ ነኝ፣ ጌታዬ። ፈረስዎ ከዛሬ ጀምሮ ይዘፍናል።»

ዓይናቸው ፈጠጠ። እንዳላማው የሚይዘው የሚጨብጠው ጠፍቶት ደጋኑን አሁን በወጠረው ጭራ ላይ አሳረፈና አንዴ ሳበ። የአዲስ መሰንቆ ድምፅ ሻካራ ነው፤ ገና ያልተገራ። ቢሆንም ያን ድምፅ ከሰማን ወራት አልፎን ነበር። ግራዝማች እዚያው ቆመው ቀሩ። ከዚያ ድንጋይ ላይ ቁጭ አሉና፣ «እስቲ ሌላም ጨምር» አሉ። የጭራው ነገር በዚያው ተረሳ።

አሁን ወደ ምሽጉ ልምጣ። ቀይ አፈር የሚባለው ጉብታ ላይ ጣልያን የድንጋይ ምሽግ ሠርቶ ነበር። ከሥሩ ገበያ አለ፤ በአንድ ወገኑ ደግሞ ጠባብ ገደል። ምሽጉ ውስጥ አንድ ጣልያን ካፒቴንና ከባሕር ማዶ የመጡ አስካሪ የሚባሉ ጥቂት ወታደሮች አሉ፤ የቀሩት ሁሉ የእኛው አገር ሰዎች፣ ባንዳ የምንላቸው ናቸው። መትረየስ ነበራቸው። ግራዝማች ሁለት ጊዜ ሞከሩት፤ ሁለት ጊዜም ሬሳ ተሸክመን ተመለስን።

በዚያ ሰሞን ሽታዬ የምትባል እንጨት ሻጭ ወደ ሠፈሩ መጣች። ለምሽጉ እንጨት ታደርስ ነበርና ያየችውን ለግራዝማች ልትነግር ነው። ስንት ሰው እንዳለ፣ መትረየሱ በየት በኩል እንደተተከለ ከነገረች በኋላ ተከዘች። «ሰዎቹ እኮ የእኛው ናቸው» አለች። «ከፊሉ በሬው ተነድቶበት፣ ከፊሉ አባቱ ታስሮበት ነው የገባው። የወለተ ሰንበት ልጅ ፍቅረ ሥላሴ እንኳ እዚያ ነው፤ የአሥር አለቃ ሆኗል።»

እንዳላማው ጥግ ይዞ ጭራ ሲያበጥር ነበር። ቀና አለ። «የትኛዋ ወለተ ሰንበት? ጥርሰ ፍንጭቷ?»

«እሷው!»

«የፍቅረ ሥላሴን ሠርግ እኔ ነኝ የዘፈንኩት! ሙሽራይቱን በግራጫ በቅሎ ነው ያመጣት። ሚዜው ረጅሙ ወልደ ሰንበት ነበር፣ በግራ እጁ የሚበላው።»

«ወልደ ሰንበትም አለ!» አለች ሽታዬ።

«አሃ! ሌላስ?»

እሷ ስም ትጠራለች፤ እሱ እናትን፣ ሚስትን፣ በሬን፣ የሠርጉን ቀን የዘነበውን ዝናብ ሳይቀር ይመልሳል። ያ አባቱ በፈረስ ጉግስ የወደቀው። ያ ሙሽራይቱ አልሄድም ብላ ያለቀሰችበት። እሱ ስለ አንዱ ሲነግር ሽታዬ እጇን ታጨበጭባለች። ጭፍራው ቀስ በቀስ ተሰበሰበ። እኔ ባሌን አየሁት፤ ፊቱ እንደ ጎረምሳ በርቶ ነበር። ከዚያ ተነሥቶ ግራዝማች ፊት ቆመ።

«ጌታዬ፣ ጥይት አያባክኑ። እኔንና ሥራነሽን ከምሽጉ ትይዩ፣ ገደሉ አፋፍ ድረስ ያድርሱን። እዚያ ያሉትን ተዋግተን ሳይሆን ዘፍነን እናስወጣቸዋለን።»

«አብደሃል?» አሉ ግራዝማች።

«እነዚያን ልጆች እኔ ነኝ የዳርኳቸው! ለጥይት ጆሮ አይሰጡም፤ ለእናታቸው ስም ግን ይሰጣሉ።»

ግራዝማች ረጅም ጊዜ አሰቡ። በሦስተኛ ሙከራ የሚሞቱትን እያሰቡ ይመስለኛል። በመጨረሻ፣ «ከሞታችሁ የእኔ ጥፋት አይደለም» አሉ። ፈቃድ ማለት ነው።

ሰኞ ጠዋት፣ ፀሐይ ጠንከር ስትል፣ ከምሽጉ ትይዩ ካለው ቋጥኝ ሥር ተቀመጥን። ገደሉ ጠባብ ነው፤ እዚያ ማዶ ሰው ሲያስነጥስ ይሰማል። እንዳላማው የሙሽራ ማጀቢያውን ዜማ ጀመረ። እኔ ተነፈስኩና ድምፄን ለቀቅሁት፦

እናትህ ቆማለች ከደጅ ከበራፉ፣
ጠላው ተደፍድፎ እንግዶቹ ሲያልፉ።

ዷ! ጥይት ከራሳችን በላይ ቋጥኙን ገጨው። ፍንካች ድንጋይ ጸጉሬ ላይ ረገፈ። እንዳላማው ግን ደጋኑን አላቆመም፤ «ስሙን ጥሪው! ስሙን!» አለኝ በሹክሹክታ። እኔም ቁጣ ይሁን ፍርሃት አላውቅም፣ ባለ በሌለ ኃይሌ፣ «ፍቅረ ሥላሴ! የወለተ ሰንበት ልጅ!» ብዬ ጮህኩ፦

በቅሎህ ግራጫዋ አሁንም ትጮሃለች፣
ጌታዬን ያያችሁ ወዴት ነው እያለች።

ሁለተኛ ጥይት አልመጣም። በምሽጉ አጥር ላይ አንድ ራስ ብቅ አለ። ከዚያ ሌላ። ከዚያ ብዙ። እንዳላማው ስም ያቀብለኛል፣ እኔ እጠራለሁ፤ የተጠራው ሁሉ አጥሩ ላይ ይወጣል። ረጅሙን ወልደ ሰንበትን በግራ እጁ መብላቱን አንሥቼ ስቀልድበት ምሽጉ ውስጥ ሳቅ ፈነዳ። ሳቅ! ከዚያ ከሞት ቤት ውስጥ! ከበስተኋላችን ጫካ ውስጥ የተደበቁት የእኛ ሰዎችም አብረው ሳቁ። ሁለቱ ወገን በአንድ ቀልድ ሲስቅ ሰማሁ።

ማክሰኞም ሄድን፣ ረቡዕም። ሐሙስ ዕለት ከምሽጉ አንድ ወፍራም ድምፅ፣ «ተቀበል!» አለ።

እንዳላማው ዘሎ ሊነሣ ምንም አልቀረው። ሠርግ ቤት «ተቀበል» የሚለው ግጥም ሊሰጥ የፈለገ ሰው ነው፤ አዝማሪው ይቀበልና መልሶ ያዜማል። ፍቅረ ሥላሴ ነበር። አጥሩ ላይ ቆሞ፣ እጁን ጆሮው ላይ አድርጎ እንዲህ አለ፦

ንገሯት ለእናቴ ለወለተ ሰንበት፣
ቅዳሜ መጣለሁ ገበያው ሲሞቅበት።

ተቀብዬ ዘፈንኩት። እንባዬ እየወረደ ዘፈንኩት። ደግሜ ደጋግሜ።

ግራዝማች የዚያን ዕለት ባሌን «አያ እንዳላማው» ብለው ጠሩት፤ ለመጀመሪያ ጊዜ። «ቅዳሜ ይወጣሉ እንበል» አሉ። «ግን ጠብመንጃ የያዘ ያን ያህል ሰው ቁልቁል ሲመጣ የእኔ ልጆች ይተኩሳሉ። አንድ ጥይት ከተተኮሰ እነሱም ይመልሳሉ። ገበያተኛው መሐል ነው። በምን እንይዘዋለን?»

እንዳላማው መላ ነበረው። «ከሁለታችሁ መካከል፣ ከመንገዱ በላይ፣ አንድ ትልቅ ድንጋይ አለ። እኔ እሱ ላይ እቆማለሁ። ሁለታችሁም ታዩኛላችሁ። ደጋኑ ወዲያና ወዲህ ሲል እስካያችሁ ድረስ ማንም ቃታ እንዳይስብ።»

ግራዝማች ለጭፍሮቻቸው ቃሉን በየተራ እያስማሉ ነገሩ። ለምሽጉ የነገርኩት ግን እኔ ነኝ፤ ዓርብ ዕለት፣ በዘፈን፦

ደጋኑ ሲመጣ ደጋኑ ሲመለስ፣
ጠብመንጃ ዝም ይላል ሙሽራው እስኪደርስ።

ያ የመጨረሻ ዘፈኔ ነበር። ያን ሁሉ ቀን ገደል ለገደል ስጮህ ጉሮሮዬ አለቀ። ቅዳሜ ጠዋት አፌን ብከፍት ከትንፋሽ በቀር የሚወጣ የለም። «ግድ የለም» አለኝ እንዳላማው፤ «ዛሬ የሚያስፈልገው ዓይን ነው እንጂ ጆሮ አይደለም።» ድንጋዩ ላይ አብሬው ወጣሁ። ወደ ኋላ ቅሪ ቢለኝም አልቀረሁም።

ገበያው ሞቀ። ጤፍና ገብስ የጫኑ አህዮች፣ ጨው የዘረጉ ነጋዴዎች፣ በግ የሚጎትቱ ሴቶች። ከበስተግራ ቁጥቋጦው ውስጥ የእኛ ሰዎች አፈሙዝ ያብለጨልጫል። እንዳላማው መምታት ጀመረ። ምሽጉ በር ላይ ምንም የለም። መታ፣ መታ። ላብ በግንባሩ ወረደ።

በሩ ተከፈተ!

ፍቅረ ሥላሴ ከፊት፣ ጠብመንጃውን ከራሱ በላይ በሁለት እጁ ይዞ። ከኋላው ወልደ ሰንበት፣ ከዚያ ሌሎቹ፣ እየተግተለተሉ። መትረየሱን በበቅሎ ጭነውታል! ገበያተኛው ባንዳ መጣ ብሎ ተተራመሰ፤ አህያ ዕቃ ጥሎ ሸሸ፣ ሴቶች ጮኹ። ቁጥቋጦው ውስጥ ያሉት የእኛ ሰዎች ተቁነጠነጡ። ዓይናቸው ግን ደጋኑ ላይ ነው። ወዲያ፣ ወዲህ። ወዲያ፣ ወዲህ።

ሰዎቹ የመንገዱን እኩሌታ እንደደረሱ ከምሽጉ ማማ ተኩስ ተሰማ። ካፒቴኑ ነው። የተኮሰው በከዱት ላይ ይሁን በእኛ ላይ እስከ ዛሬ አላውቅም። እንዳላማው «እህ!» አለና ተንበረከከ። የግራ እጁ በደም ተነከረ። መሰንቆው ከእጁ አመለጠ። ደጋኑ ቆመ።

ያን ቅጽበት ምን ብዬ ልንገራችሁ? ሁለቱም ወገን ጠብመንጃውን አነሣ። ፍቅረ ሥላሴ ጠብመንጃውን ከራሱ ላይ አወረደ፤ ወደ ቁጥቋጦው አየ። ግራዝማች አንድ ነገር ጮኹ፣ አልሰማሁም። ልጩህ ብል ድምፅ የለኝም።

መሰንቆ ወንድ ነው የሚይዘው። በሕይወቴ ይዤው አላውቅም፤ ለባሌ ከማቀበል በቀር። አነሣሁት። ጉልበቴ ላይ አቆምኩት፣ ደጋኑን ያዝኩ፣ ሳብኩ። ምን ዓይነት ድምፅ ወጣ! ጭራዋን የተረገጠች ድመት ድምፅ ነው። ግን ደጋኑ ሄደ። ደግሞ መለስኩት። ሄደ፣ መጣ። ቁሜ፣ ክንዴን ከፍ አድርጌ፣ ሁሉም እንዲያየው፣ ወዲያ ወዲህ፣ ወዲያ ወዲህ።

«ሥራነሽ» አለኝ እንዳላማው፣ እጁን በነጠላው ጠቅልሎ፣ ጥርሱን ነክሶ፣ «ያ ዜማ አይደለም።»

«ዝም በል!» አልኩት በሌለ ድምፄ።

«ጣትሽን ወደ ላይ... ወደ ላይ አድርጊው...»

አፈሙዙ ሁሉ ቀስ እያለ ወረደ። ፍቅረ ሥላሴ ጠብመንጃውን እንደገና ከራሱ በላይ አነሣና ቁልቁል ሮጠ። ሌሎቹም ሮጡ። የእኛ ሰዎች ከቁጥቋጦው እየዘለሉ ወጡ፤ ተገናኙ፣ ተቃቀፉ። አንዱ ይፎክራል፣ አንዱ ያለቅሳል። ከገበያው አንዲት ሴት እልልታ ለቀቀች፤ ከዚያ ገበያው በሙሉ! እኔ ግን ማቆም አቃተኝ። ግራዝማች መጥተው ክንዴን እስኪይዙኝ ድረስ ስስብ ነበር።

ካፒቴኑ ከአስካሪዎቹ ጋር በጓሮ በር በመኪና ወደ ደብረ ማርቆስ ሸሸ። ምሽጉ ያለ አንድ ሬሳ ተያዘ።

ከወጡት መካከል አብዱልዋሂድ የሚባል የካፒቴኑ አስተርጓሚ ነበር፤ የደብረ ማርቆሱ የጨርቅ ነጋዴ የአብዱልቃኒ ልጅ። በልጅነቱ ከአባቱ ሱቅ ጨርቅ ገዝቼ አውቃለሁ። ያን ዕለት ማታውን ሳንጠብቅ ለድሉ ከታረደው በግ ሥጋ አጠገብ ተቀምጦ ሲያጫውተን ሆዳችን እስኪቆስል ሳቅን። ሰኞ ዕለት ካፒቴኑ «ምን ይላሉ?» ብሎ ሲጠይቀው፣ «ስለ ፍቅር ነው» አለው። ካፒቴኑም፣ «የሴትዮዋ ድምፅ ጥሩ ነው፣ ተዉአቸው» ብሎ ተኩስ ከለከለ። «ሐሙስ ዕለትስ?» አልኩት። «ፍቅረ ሥላሴ ስለ ጠፋች ላም ነው የሚያዜመው አልኩት» አለ አብዱልዋሂድ። «ካፒቴኑ አጨበጨበ።»

የእንዳላማው እጅ ዳነ፤ ሁለት ጣቶቹ ግን እንደደረቁ ቀሩ። ዳግመኛ መሰንቆ ላይ ጣት አላሳረፈም። እስከ ነፃነቱ ድረስ ጫካ ውስጥ እኔ መታሁ፤ እሱ እየሰማ ተቆጣኝ። «ሠርገኛ ታስሸሺያለሽ» ይለኛል። ቀስ በቀስ መቆጣቱን ተወ። አንድ ቀን ትዝታ ስመታ ፊቱን ወደ ዛፉ አዞረ።

ጣልያን ከደብረ ማርቆስ የወጣ ጊዜ ከአርበኞቹ ጋር አብረን ገባን። መንገዱ በሰው ተጨናንቆ መርገጫ የለም፤ ሴቱ ይዘላል፣ ወንዱ ይተኩሳል፣ ቀሳውስቱ በየደጁ። እኔ መሰንቆውን ከፍ አድርጌ እየመታሁ፣ እንዳላማው ደግሞ ዘፈነ! የእንዳላማውን ድምፅ ሰምታችሁ ቢሆን ኖሮ! ቁራ ይሻላል። ሕዝቡ ግን በትከሻው ተሸከመው። ከላይ ሆኖ እያየኝ፣ የሚያውቀውን ሰው ሁሉ በስሙ እየጠራ፣ «ሥራነሽ፣ ጨምሪ! ጨምሪ!» ይለኝ ነበር።

ጥቂት ዓመት ኖሮ ሞተ። ሲቀበር የቀይ አፈር ምሽግ ሰዎች ቃሬዛውን ለማንም አንሰጥም ብለው ተሸከሙት፤ ፍቅረ ሥላሴና ግራዝማች ጎን ለጎን ሆነው። በሕይወት ሳለ ከሩቅ አገር የመጡ ወጣት አዝማሪዎች ደጃችን ላይ ይቀመጡ ነበር። ዜማ ሊማሩ መጥተው የሰው ስም አሸክሟቸው ይመልሳቸዋል።

ዛሬ መሰንቆ የያዘች ሴት ሲያዩ ሰዎች አፋቸውን በእጃቸው አይከድኑም። በእኛ አካባቢ ብቻ አራት ነን። ጥሩነሽ የምትባለውን እኔ ነኝ ያስተማርኳት። ከእኔ ትበልጣለች ይላሉ። ባለፈው ጥምቀት ማግሥት አማኑኤል ላይ አብረን ስንመታ እኔ ደክሞኝ ቆምኩ፤ እሷ ቀጠለች። ደጋኗ አይታይም ነበር፣ ከፍጥነቱ የተነሣ። ጎረምሳው ሁሉ አቧራ አነሣ። እኔም ተቀምጬ መቅረት አልቻልኩም፣ በትሬን ጣልኩና ተነሣሁ።